«አላ» ያልኩበት ቀን

ባለፈው ሳምንት ወደ ጉደር መውጫ ካለች ሻይ ቤት ተቀምጬ ሳለ አስተናጋጇ ለአንድ የጭነት መኪና ሾፌር የአገራችንን ባለጋዝ ውሃ ከፈተችለት። ጠርሙሱ «ፅስስ» አለ። ሾፌሩ ጠጣ፣ አገሳ፣ ሄደ። እኔ ግን ሻዬ እስኪቀዘቅዝ እዚያው ቀረሁ። አዲስ የቴኒስ ኳስ ጣሳ ሲከፈትም ልክ እንደዚህ ነው የሚለው። ከድምፁ ቀጥሎ ሽታው ይመጣል፤ አዲስ ጎማ ይሸታል፣ አዲስ ጫማ ከነካርቶኑ ሲከፈት እንደሚሸተው። አምቦ ውስጥ ይህን ሽታ የሚያውቅ ሰው ዛሬ ጥቂት ነው። የሚያውቁትም ቢሆኑ እኔን ሲያዩ ሌላ ነገር ነው የሚያስታውሱት።

ያኔ የሜዳ ጠባቂ ነበርኩ። ስሜ ቶለሳ ነው፤ ፊት ለፊት ኦቦ ቶለሳ ይሉኛል፣ ከኋላዬ ምን እንደሚሉኝ እደርስበታለሁ። ከፍል ውሃው ሆቴል መዋኛ ጀርባ፣ ባሕር ዛፎቹ ሥር፣ ሁለት የቴኒስ ሜዳዎች ነበሩ። ዛሬ አንዱ መኪና ማቆሚያ ሆኗል፤ ሌላው ላይ የሠርግ ድንኳን ይተከላል። ሙሽሮቹ ፎቶ ሲነሱ የሚረግጡት አፈር ከየት እንደመጣ አያውቁም። ከባኮ ነው የመጣው። የእኛ ቀይ አፈር ብቻውን ሲደርቅ ይሰነጠቃል፣ ሲረጥብ ጫማ ይይዛል። ኩይሳን ግን ምስጧ ራሷ በምራቋ አቡክታዋለች፤ ደቁሰው፣ በወንፊት ነፍተው፣ ውሃ ሲያጠጡት እንደ ሲሚንቶ ይጨብጣል። ከባኮ በቆሎ ጭነው የሚመጡ ሾፌሮችን እየለመንኩ ኩይሳ በማዳበሪያ ከረጢት አስመጣ ነበር። ክረምት በወጣ ቁጥር ሜዳዬን እንደ አዲስ አለብሰዋለሁ። ማለዳ አጠጣለሁ፣ በርሜል ውስጥ ሲሚንቶ ሞልተን በሠራነው መዳመጫ እዳምጣለሁ፣ በኖራ አሰምራለሁ። መስመሬ ጠማማ ነው ያለኝ ሰው የለም። ስለ ሌላ ነገሬ ብዙ ብለዋል።

ዓመቱን አትጠይቁኝ። መንገዱ ገና መዘጋጋት ሳይጀምር፣ ስልኩም በየወሩ መጥፋት ሳይጀምር ነው። ሻይ ሦስት ብር ነበር። ባጃጅ ከድልድዩ እስከ ፍል ውሃ ሁለት ብር ነው የሚያስከፍለው፤ ዘፈኑ በነፃ። ያን ሰሞን አንዲት የኦሮምኛ ዘፈን ነበረች፣ ከሁሉም ባጃጅ እሷው ትወጣለች። አንዱ ባጃጅ አልፎ ድምፁ ሳይርቅ ሌላው ካቆመችበት ይቀጥላታል፤ ከድልድዩ ተነስተህ ሜዳው ስትደርስ ሙሉዋን ሰምተሃታል። ጎረምሳው ሁሉ ጉልበቱ ላይ የተቀደደ ጂንስ ይለብሳል፤ በእኛ ጊዜ ቢሆን ይጣፍለት ነበር። እንደዚህ ባለ ጊዜ ነው የዓለም የቴኒስ ውድድር አምቦ ሊመጣ ነው የተባለው።

የዓለም ሲባል ትልቁ እንዳይመስላችሁ። የቴኒስ ውድድር እንደ አውቶቡስ ደረጃ አለው፤ የእኛ ደረጃ ሦስት ነው። የመጡትም ፈረንጆች ደረጃ ሦስት ነበሩ። እኛ ፈረንጅ ሁሉ ሀብታም ይመስለን ነበር። እነዚህ አንድ ክፍል ለሦስት የሚያድሩ፣ ማካሮኒ ያለ በርበሬ የሚለምኑ፣ የተበጠሰ የራኬት ጅማት ቁጭ ብለው ራሳቸው የሚቀጥሉ ልጆች ናቸው። የከተማውን ሙዝ ጨረሱት። ከስልጤ የመጡት ባለሱቆች ነጭ ኮፍያ ከየት እንዳመጡ አላውቅም፤ በአንድ ቀን ሸጠው ጨረሱ፣ ፀሐይ ሲመታን የኖርን ሰዎች ሁሉ ያን ሳምንት ባለኮፍያ ሆንን። ነጭ ካልሲ ለብሶ ሜዳዬ የገባ ፈረንጅ ቀይ ካልሲ ለብሶ ይወጣል። የሆቴሉ ልብስ አጣቢ አንድ ጠዋት እስከ ሜዳው ድረስ መጥታ፣ ኦቦ ቶለሳ ኩይሳህ ከነምስጡ ካልሲ ውስጥ ገብቷል፣ ና ራስህ እጠበው አለችኝ። ሰዉም የጨዋታውን ቋንቋ በራሱ መንገድ ለመደ። ጨዋታው በሴት በሴት ነው የሚቆጠረው፤ በእንግሊዝኛ ሴት የሚሉት የጨዋታውን ምዕራፍ ነው፣ ከሦስት ሁለት የወሰደ ያሸንፋል፤ «ገመቹ አንዷን ሴት ወሰደ፣ ሁለተኛዋን ፈረንጁ ነጠቀው» ሲባል የሰማች አንዲት አሮጊት፣ ይህ ነው እንዴ ኳስ የምትሉት ብላ ተነስታ ሄደች።

ገመቹ የእኛው ልጅ ነው። ሃያ ሁለት ሃያ ሦስት ዓመት ቢሆነው ነው፤ ለሆቴሉ እንግዶች ቴኒስ እያለማመደ ይኖር ነበር። ራኬቱ እጀታው ላይ በብስክሌት ካላማዳሪ ተጠቅልሏል። ጠዋት ሜዳውን ሳጠጣ መጥቶ ቧንቧውን ይይዝልኝ ነበር፤ እናወራለን። የሚያወራው አንድ ነገር ብቻ ነው። በእንዲህ ያለ ውድድር ዋናው ዙር ገብቶ አንድ ጨዋታ ያሸነፈ ሰው አንድ ነጥብ ያገኛል፤ ያቺ አንድ ነጥብ ስሙን የዓለም ተጫዋቾች ስም የሚጻፍበት ዝርዝር ውስጥ ታስገባዋለች። ከመጨረሻው ሰው በታች፣ ከግርጌ። «ከግርጌም ቢሆን ይጻፍ» ይለኝ ነበር። «ኦቦ ቶለሳ፣ አንድ ጊዜ ከተጻፈ አይፋቅም።» አዘጋጆቹ ለአገሬው ልጅ ብለው አንድ ቦታ ሰጡት። አንድ ጨዋታ ብቻ ማሸነፍ ነው እንግዲህ።

እኔን ደግሞ የመስመር ዳኛ አደረጉኝ። ከተመለመሉት ተማሪዎች ሁለቱ ቀሩባቸውና ዋናው ዳኛ፣ አቶ ሰሎሞን የሚባል የአዲስ አበባ ሰው፣ አፈሩን የሚያውቅ ሰው አምጡልኝ አለ። ሰማያዊ ቲሸርት ሰጡኝ። ከደረቱ ኪስ ላይ እስክሪብቶ ሰካሁ። እስክሪብቶ ሁልጊዜ እሰካ ነበር። አሁን ልናገረው እንግዲህ፦ ማንበብ አልችልም ነበር። ሃምሳ ዓመት አልፎኝ አንዲት ፊደል አልለይም። ደመወዝ መቀበያ ላይ የምጭራት አንዲት ፊርማ ነበረችኝ፤ ሻይ ቤት ጋዜጣ ዘርግቼ እቀመጥ ነበር፤ ከተማውም ያነባል ይለኝ ነበር። ሚስቴ እንኳ ያወቀችው ከተጋባን ከሁለት ዓመት በኋላ ነው።

አቶ ሰሎሞን አንድ ከሰዓት በኋላ አሠለጠነን። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ይህን ብዬ ልለፍ። ኳስ አፈር ላይ ስታርፍ ምልክት ትታለች፣ እንቁላል ቅርፅ ያላት። ምልክቷ መስመሩን ካልነካች እጃችሁን ዘርግታችሁ «አውት» በሉ አለን። ከነካች ዝም በሉ፤ እኔ ከጠየቅኋችሁ ግን ወደ መሬት አመልክታችሁ «አለ» በሉኝ፣ መስመሩ ላይ አለ ማለት ነው። ሳምንቱን ሙሉ እጄን እየዘረጋሁ አውት፣ አውት ስል ከረምኩ። እስከ ገመቹ ቀን ድረስ አንድም አልተሳሳትኩም።

የዚያን ቀን ከተማው ወጣ። ተማሪው፣ ነርሱ፣ ባለሱቁ፣ ከወንጪ ፈረስ ጭኖ የመጣ ገበሬ ሳይቀር ባሕር ዛፉ ሥር ቆሟል። ዝም በሉ ይባላል፣ አምቦ ዝም ማለት አያውቅም። ገመቹ የመጀመሪያዋን ሴት ወሰደ፣ ፈረንጁ ሁለተኛዋን። ሦስተኛዋ ላይ ገመቹ ሊያሸንፍ አንድ ኳስ ቀረው። አንድ። ፈረንጁ ረጅሙ፣ አንገቱ በፀሐይ የተላጠው፣ በሙሉ ጉልበቱ መታት። ኳሷ ከገመቹ በስተግራ አልፋ ከፊቴ አረፈች። ከመስመሩ ወዲህ ነው ያረፈችው፤ በመስመሩና በምልክቱ መካከል ቀይ አፈር ይታየኛል። ልቤ ዘለለ። ልብ ሲዘል ሥልጠና አያስታውስም፤ አፌ «አላ» አለ። በኦሮምኛ ውጪ ማለት ነው። እጄንም መዘርጋት ረሳሁ፤ የሜዳ ጠባቂ ልማድ ሆኖብኝ፣ ምልክቱን ማንም እንዳይረግጠው ጎንበስ ብዬ በጣቴ ወደ መሬት አመለከትኩ።

አምቦ አላን ያውቃል። ሁሉም ሰማ፤ ገመቹም ሰምቶ ራኬቱን ጣለ። ሕዝቡ ሽቦውን ዘሎ ገባ፣ ገመቹን ተሸከመው። አቶ ሰሎሞን ከፍ ካለው ወንበሩ ላይ በማይክሮፎን ይጮሃል፤ ማን ይሰማዋል? ትንሽ ቆይቶ ወደ እኔ ጎንበስ አለና ጠየቀኝ።

«ኦቦ ቶለሳ፣ አለ ነው ያሉት?»

በዚያ ሁሉ ጩኸት መሐል እኔ የሰማሁት «አላ ነው ያሉት?» የሚል ነው። ይህ አዲስ አበቤ ኦሮምኛ ለምዶልናል ብዬ ደስ እንዳለኝ ዛሬም አስታውሳለሁ።

«አዎ» አልኩት።

እሱም ነጥቡን ለፈረንጁ ሰጠ። ነገሩ የገባኝ ሕዝቡ ዝም ሲል ነው። «ወጥታለች! አውት ነው!» ብዬ ጮህኩ። አቶ ሰሎሞን፣ ሕዝብ ሜዳ ገብቶ ካስፈራራዎት በኋላ ቃል አይለወጥም፣ ስጠይቅዎት አዎ ብለዋል አለኝ። ምልክቱን ላሳየው ዞርኩ። ምልክት የለም። የአምቦ ሕዝብ በደስታ ጨፍሮበታል። ሰዉ ወጣ፣ ሜዳው ተጠረገ፣ ጨዋታው ቀጠለ። ገመቹ ከዚያ በኋላ ኳስ መምታቱን መታ፤ ግን ዓይኑ እዚያች ቦታ ላይ ነበር። ተሸነፈ። ሦስተኛዋንም ሴት ፈረንጁ ወሰዳት፤ ያን ጊዜ የሳቀ የለም።

የከፋው በማግስቱ የሆነው ነው። ገመቹ የሚጫወትበት የቴኒስ ክለብ ሰዎች አቤቱታ ስላስገቡ አቶ ሰሎሞን ጠዋት አንድ ወረቀት ይዞ መጣ። የተነጋገርነውን ነው የጻፍኩት፣ አንብበው ይፈርሙ አለኝ። ወረቀቱን ያዝኩት። ሲያነቡ እንዳየሁት ዓይኔን ከግራ ወደ ቀኝ ሰደድኩ፣ መሐል ላይ ግንባሬን ቋጠር አደረግኩ፣ ፈረምኩ። ወጥታለች ብዬ የጮህኩትም እዚያ ላይ ያለ መስሎኝ ነበር። ቅጂውን ለእኔ ሰጠኝ። ከሰዓት በኋላ ቢሮ ጠሩን። የውድድሩ አቤቱታ ሰሚ ወረቀቱን ለክለቡ ሰዎች አሳያቸው፤ የመስመር ዳኛው ራሱ ኳሱ አለ ብሎ ፈርሟል፣ ሌላ ምን ትፈልጋላችሁ አላቸው። ገመቹ ወረቀቱን ተቀብሎ ቀስ ብሎ አነበበውና ወደ እኔ ዞረ።

«ፊርማው የእርስዎ ነው?»

«የእኔ ነው።»

«አንብበው ነው የፈረሙት?»

አያችሁ፣ እዚህ ጋ አንዲት ቃል ትበቃ ነበር። ማንበብ አልችልም ማለት። ቢሮው ውስጥ የክለቡ ሰዎች አሉ፣ የሆቴሉ ጸሐፊ አለች፣ ለሃያ ዓመት ኦቦ ቶለሳ ጋዜጣውን ከጨረስክ አቀብለኝ ሲሉኝ የኖሩ ሰዎች አሉ። እስክሪብቶው ኪሴ ላይ ነው።

«አዎ፣ አንብቤ ነው» አልኩት።

ገመቹ ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አኑሮ ወጣ። ከዚያ ቀን ጀምሮ አላናገረኝም። ከተማው ደግሞ ሻጭ አለኝ፤ ከፈረንጆቹ ጉቦ በልቷል ተባለ። እነዚያ ማካሮኒ የሚለምኑ ፈረንጆች ጉቦ ሊሰጡ! ከኋላዬም «ኦቦ አለ» የሚል ስም ወጣልኝ። ልጆች ሰላም ይሉኝና ሳልፋቸው «አለ ወይ?» ይላል አንዱ፤ «አለ፣ አለ» ይመልሳል ሌላው። ቻልኩት። ሻጭ መባል መሃይም ከመባል ይሻለኛል ብዬ መረጥኩ፤ ሰው እንደዚህ ያለ ደደብ ነው፣ እኔ ደግሞ ከሰው ሁሉ የባስኩ ነኝ።

ገመቹ ራኬቱን ትቶ ወደ ባኮ ሄደ። ውድድሩ በሚቀጥለው ዓመት ይመጣል ተብሎ አዲስ ኩይሳ አስመጥቼ ነበር፤ አልመጣም። ከዚያ በኋላ የመጣውን ሁላችንም እናውቃለን። መንገድ ተዘጋ፣ ሱቅ ተዘጋ፣ ሰዉ ከቤቱ ገባ። ፈረንጅ ቀርቶ የጉደር ባጃጅ የማይመጣበት ሳምንት ነበር። ኩይሳው ከነከረጢቱ ዝናብ መታው። ሻይ ዛሬ ስንት እንደገባ አልነግራችሁም፣ ታውቁታላችሁ። ሰው ያን ዘመን ሲያነሳ ርካሽ ነበር ይላል። እኔ ግን በሕይወቴ በጣም የተወደደብኝን ነገር የገዛሁት ያኔ ነው።

ወረቀቷ ሣጥኔ ውስጥ ነበረች። ምን እንደምትል በጆሮዬ ሰምቻለሁ፤ በዓይኔ ግን ላያት ፈለግኩ። ለሌላ ሰው ማስነበብ አልችልም። የቀበሌው የጎልማሶች ትምህርት በቁቤ ነው፤ እዚያ ገብቼ ኦሮምኛዬን በላቲኑ ፊደል ተማርኩ፣ ደስም አለኝ፤ ወረቀቷ ግን በአማርኛ ናት። ስለዚህ ወደ አዴ አስቴር ሄድኩ። አዴ አስቴር ጡረታ የወጡ መምህርት ናቸው፣ ጎረቤቴ፣ እሑድ እሑድ ቤተ ክርስቲያን መዝሙር የሚመሩ፣ በሥራ ቀን ግን ምሕረት የማያውቁ ሴት። እስክሪብቶዬን ከኪሴ መዘው፣ «ይህን ስንት ዓመት ተሸከምከው?» አሉኝ። ነገርኳቸው። «እንግዲህ አሁን እሱ አንተን ይሸከምሃል» ብለው ለ፣ ሉ፣ ሊ፣ ላ ጻፉልኝ።

ለን አየሁ። ላን አየሁ። ሁለቱም እግር አላቸው፤ ላ አንዷን እግሯን ትንሽ ዘርግታለች። ሌላ ልዩነት የለም። የገመቹ ነጥብ የጠፋው በዚህች እግር ነው። እዚያው ተቀምጬ አለቀስኩ ብል ውሸት ነው፤ ተናደድኩ። ይህን ፊደል የሠራውን ሰው ባገኘው አንድ ነገር እለው ነበር። ወራት ፈጅቶብኝ ወረቀቷን አነበብኩ። አራት መስመር ናት። «ኳሱ አለ ብለዋል፣ በድጋሚ ሲጠየቁም አዎ ብለዋል» ትላለች። ውሸት የለባትም። አቶ ሰሎሞን የሰማውን ነው የጻፈው።

ከዚያ ለገመቹ ደብዳቤ ጻፍኩ። የፈረምኩት በአማርኛ ስለሆነ የምመልሰውም በአማርኛ ነው አልኩ። ጽፌ ለአዴ አስቴር ሰጠኋቸው። መነጽራቸውን አስተካክለው አነበቡና ሳቁ። ያን ቀን ያልኩት አላ ነው ብዬ እጽፋለሁ ብዬ፣ የላን እግር ሳልዘረጋ ቀርቼ «አለ» ሆኗል። «ጎሽ» አሉኝ፣ «ሁለተኛ ፈረምክበት።» ከመጀመሪያው ጀምሮ እንደገና አስጻፉኝ።

በፖስታ አልላክሁትም። ከአምቦ ባኮ በሚሄደው አውቶቡስ ተሳፍሬ፣ ሙቀቱ ቁልቁለቱ ላይ ሲቀበለኝ ኮቴን አውልቄ፣ ረፋድ ላይ ደረስኩ። ገመቹ መናኸሪያው አጠገብ የበቆሎ ዘር መሸጫ ሱቅ አለው። ወፍሯል። ሲያየኝ ሚዛኑን ተወና ቆመ። እንደ አገራችን ልማድ ስለ ቤተሰብ፣ ስለ ከብት፣ ስለ ዝናብ ተጠያየቅን፤ ድምፁ ውስጥ ግን ምንም የለም። ደብዳቤውን ሰጠሁት። ቆሞ አነበበው፣ ጨረሰ፣ ከላይ ጀምሮ ደገመው።

«ያኔ አንብቤ ነው አላሉኝም?»

«ዋሸሁህ።»

«ከተማው ሁሉ ሻጭ ሲልዎት?»

«መሃይም ከሚለኝ ብዬ።»

የዘር ከረጢት ላይ ተቀመጠ። ደብዳቤውን አጠፈ፣ ዘረጋ። «ምን እንዳሉ በጆሮዬ ሰምቼ ነበር እኮ» አለኝ። «አላ ነው ያሉት። ሽንፈቱን እችለው ነበር። እሷን ፊርማ ግን እስከ ዛሬ ሳስባት ነው የኖርኩት፤ ምን አድርጌው ነው እያልኩ።» ውሃ አምጥቶ ሰጠኝ። ጠጣሁ። ከዚያ ድንገት፣ የዛሬው ገመቹ ሳይሆን ጠዋት ጠዋት ቧንቧ የሚይዝልኝ ልጅ ተናገረ።

«ኳሷ ስንት ወጥታ ነበር?»

«ሁለት ጣት» አልኩት።

«የምን ሁለት? ሦስት ነው!»

«ገመቹ፣ እኔ አጠገቧ ነበርኩ። እንደ ዳኛ ነው የምነግርህ።»

«እንደ ዳኛ ሲናገሩ ማን ይሰማዎታል?» ብሎ ተነሳ። ሱቁ ደጃፍ አቧራው ላይ በጫማው ጫፍ መስመር አሰመረ፤ መስመሩ ጠማማ ነው፣ አልነገርኩትም። አንድ ፍሬ በቆሎ ከመስመሩ ወዲያ አስቀመጠ፤ እዚህ ነበረች አለኝ። እኔ ወደ መስመሩ አስጠጋኋት። እሱ መለሳት። ዘር ሊገዙ የመጡ ገበሬዎች ምን ጠፋባችሁ ብለው ከበቡን። የአምቦው አውቶቡስ ጡሩምባ ነፋ፣ ደገመ። ረዳቱ በስሜ ጠራኝ። እኔ መሬቱ ላይ እንዳጎነበስኩ፣ ጣቴን በመስመሩና በበቆሎዋ መካከል አጋድሜ እየለካሁ ነበር፤ አውቶቡሱ ጥሎኝ ሄደ።